ዜማው አልወልቅ ያለ ንግግር

የካቲት ፰

ነፋስ። የካይሮው ሰፈራችን ሹብራ ሁሉ አቧራ ለብሷል። የወሩ ጠባይ ነው። ዳዊቴን ደግሜ ስጨርስ ጥርሴ ላይ አሸዋ ይንቋቋ ነበር። ለቁርስ ባቄላ በሎሚና በከሙን።

ከቀትር በኋላ እትዬ ኢስቲር ከበላዬ ባለው ቤቷ ሁለት ጊዜ ሞተች። አንዴ በሳንባ በሽታ፣ አንዴ በባቡር። የድሮ ፊልሞቿን አከታትለው ያሳዩ ነበር መሰለኝ። ቴሌቪዥኑን የምታስጮኸው ጆሮዋ ስለ ደከመ ነው። ኮርኒሱ ደግሞ ቀጭን ነው። ስትሞት ሁልጊዜ እሰማለሁ።

ከሃምሳ ዓመት በላይ በፊልም የኖረች እኅት አለችኝ፤ አንዱንም ፊልሟን በዓይኔ አላየሁም። የመዝሙር መምህር ሲኒማ ቤት አይገባም። እንዲህ ተብዬ አደግሁ፣ እንዲህም ብዬ አስተማርኩ። ሆኖም ሁሉንም በጆሮዬ አውቃቸዋለሁ... የትኛው ላይ በጥፊ እንደምትመታ፣ የትኛው ላይ እንደምታገባ። ይህ ማየት ነው ወይስ አለማየት? እስካሁን የጠየቀኝ የለም።

ሠርክ ላይ ዲያቆናቱን አስተማርኩ። ግማሾቹ ሲያዜሙ ግማሾቹ አሳሉ።

የካቲት ፲፩

እትዬ ዘንድ እንግዳ መጣ። ወጣት ነው፣ የፊልም ዳይሬክተር። ስሙ ታሚም። እርሷ እስክትለብስ ምድር ቤት እኔ ዘንድ ቁጭ አለ፤ እርሷ ወረደች። ሻይ አቀረብኩ።

«ሐጃ ኒዕማት» ብሎ እጇን ሳመ።

የሲኒማ ስሟ ኒዕማት ረምዚ ነው። ሐጃ የሚሏት መካ ደርሳ አይደለም። ከሸበተች ወዲህ በፊልሙ ሁሉ መቁጠሪያ ይዛ፣ ነጭ ሻሽ አስራ ስለምትታይ ነው። ሕዝቡም አምኖ ተቀበለ። በቀኝ አንጓዋ ላይ ያለውን ንቅሳት፣ የጥምቀት መስቀሏን፣ ይሸፍኑበት የነበረው ዱቄት ቢጠራቀም አንድ ዳቦ ቤት ያሠራል።

«የላይኛው ግብፅ ባልቴት ነዎት» አላት። «ትልቁ ልጅዎ ዐዋድ ይገደላል። ደሙ ሳይመለስ ሐዘንተኛ አላስገባም ብለው ሰባት ዓመት ደጅዎን ዘግተው ይኖራሉ። በመጨረሻ ገዳዩ የገዛ ከፈኑን፣ መገነዣ ጨርቁን፣ በክንዱ ታቅፎ ደጅዎ ላይ ይንበረከካል። ከፈኑን ከተቀበሉት ምረውታል። ካልተቀበሉት ታናሽየው ልጅዎ ሽጉጡን ይዞ ቆሟል። ንግግርዎ ሁለት ገጽ ነው። ሳላቋርጥ በአንድ ጊዜ ነው የምቀርጸው።»

«ታናሽየው ማን ነው?»

«ተዋናዩ ኡስታዝ ራጂህ ሙንታሲር።»

ብርጭቆዋን አስቀመጠች። «ራጂህ ሁለት ዓመት ይበልጠኛል።»

«ፀጉሩን ይቀባል፣ ሐጃ።»

«በመጀመሪያ ፊልሜ ባሌ ነበር።»

«ሕዝቡ ረስቶታል።»

«እኔ አልረሳሁም። ንግግሬን ከአፌ እየነጠቀ ነው ያገባኝ።»

ስሸኘው በር ላይ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «መምህር... የፊልሙ ባለቤት ሐጂ ሙተወሊ ፈርቷል። ባለፈው ሥራዋ ላይ ቃል እየጠፋባት ጠረጴዛ ሥር ሰው አስቀምጠው ነው ያስባሏት። መጋቢት አጋማሽ ላይ ፊቱ ቀርባ በቃሏ ትበለው። ካልሆነላት ሻሂናዝን ይጠራል።»

ሻሂናዝ ማን እንደ ሆነች አላውቅም። እትዬ ግን ደረጃው ላይ ቆማ ኖሯል።

«ሻሂናዝ?» አለች። «እሷ የምታለቅሰው በግራ ዓይኗ ብቻ ነው።»

የካቲት ፲፪

ከላይ ድምፅ የለም። ቴሌቪዥኑ ተዘግቷል። ከነፋሱ ይልቅ ይህ አስፈራኝ።

የካቲት ፲፮

ሁለቱን ገጽ ይዛ ወረደች። ወረቀቱ ጠርዙ አልቋል።

«ማታ አጠናዋለሁ፤ ጧት የለም» አለችኝ። ወረቀቱን አጣጥፋ... «ያ ዓይነ ስውሩ መምህርህ ያን ሁሉ መዝሙር እንዴት ያዘው?»

«በጆሮው። ከአፍ ወደ ጆሮ፣ ሐረግ በሐረግ።»

«አንተስ ዲያቆኖችህን?»

«እንደዚያው።»

«እንግዲያው አስተምረኝ።»

«እትዬ፣ ዐቢይ ጾም እየገባ ነው።»

«በጾም ገዳይን ይቅር ማለት ተከልክሏል?»

መጻሕፍቱን አገላበጥኩ፤ እነርሱም መልስ የላቸውም።

የካቲት ፲፰

የደብራችንን ቄስ አባ ቢመንን ጠየቅሁ።

«ፊልም?» አሉኝ።

«ፊልም።»

«በመጨረሻ ይቅር ትላለች?»

«ትላለች።»

«ጾሙን ሙሉ ስለ ይቅርታ እሰብካለሁ። ከምእመናኑ አንድ ሰው እንኳ በቃሉ ቢይዘው ደስ ይለኛል።» ቀጥለው ዝግ ባለ ድምፅ «ራጂህ ሙንታሲርም አለበት?»

«አለ።»

«እናቴ በጣም ትወደው ነበር።» ባርከውኝ ሄዱ።

የካቲት ፳

የጾሙ መግቢያ። ትምህርት ተጀመረ።

አንድ ሐረግ እላለሁ፤ ትደግማለች። ሁለተኛውን እላለሁ፤ ትደግማለች። ሦስተኛው ላይ ስንደርስ የመጀመሪያው የለም... የእርሷ ብቻ አይደለም፣ ከእኔም ጠፍቷል! ዜማ የሌለው ቃል ለካ እኔም መያዝ አልችልም። ዕድሜዬን ሙሉ ያለ ዜማ ያጠናሁት ነገር የቤቴን አድራሻ ብቻ ነው።

እንግዲህ ዜማ ልስጠው አልኩ። ዜማ እንደ ግንበኛ መወጣጫ ነው፤ ግድግዳው ሲደርቅ ይፈርሳል። የስቅለት ዕለት የምናዜመውን የቀብር ዜማ መረጥኩላት። ለባልቴት ይስማማል፣ ቀስ ያለ ነው። አንዲት ፊደል ይዞ ሰው ሻይ አፍልቶ እስኪመለስ ያቆያል።

ቀኝ እጇን ጉልበቷ ላይ አስደግፌ ምቱን አስያዝኳት። አምስት ሐረግ ተቀበለች። ሻይ ከጠጣች በኋላም አልጠፋትም።

መጋቢት ፬

የመጀመሪያው ገጽ ጸና። ትናንት እያዜመች ደረጃውን ወጣች፤ ከእርሷ ፊት ለፊት ያለችው ጎረቤት በሯን ከፍታ አማተበች።

በዕረፍታችን ታወራኛለች። ትናንት ምን እንደ በላች አታውቅም። የመጀመሪያ ቀን ሥራዋን ግን... የጭፈራ ቤት ትርኢት ነበር፣ ከኋላ ጠረጴዛ ተቀምጣ እንድትስቅ ነው የታዘዘችው። ስቃ ስቃ ሲበቃት፣ ዳይሬክተሩ «ያቺን ሳቂታ ወደ ፊት አምጧት» አለ። አባታችን በሦስተኛው ቀን ሰማ። እርሱም ከዚያ በኋላ ለዓመት አልሳቀም።

«ከዚያ?» አልኳት።

«ከዚያማ የጀግናው እጮኛ ሆንኩ። ከዚያ እኅቱ። ከዚያ ያሳደገችው አክስቱ። ከዚያ እናቱ። ጀግናው ያው ራጂህ ነው። እኔ አረጀሁ፣ እሱ ቀለም ቀየረ።»

መጋቢት ፲፭

እንዴት ብዬ ልጻፈው?

የሐጂ ሙተወሊ ቢሮ መሐል ከተማ ነው። ሐጂው፣ ታሚም፣ ራጂህ ሙንታሲር፣ ድምፅ የሚቀዳ ገይድ የሚባል ሰው ተቀምጠዋል። እኔ ከበሩ አጠገብ።

እትዬ የሁለቱን ገጽ ቃል ሁሉ እንደ ውሃ ታውቀዋለች። ዜማውን እንድታወልቀው ነግሬያት ነበር። እሺ ብላኝ ነበር። ግን ዓይኗን ጨፈነች... እጇ ጉልበቷ ላይ ወረደ... ያን ጊዜ አለቀልን አልኩ።

አዜመችው። የልጇ ስም «ዐዋድ» ላይ ስትደርስ «ዋ»ን ይዛ ወጣች። ሐጂ ሙተወሊ ሲጋራ ሊለኩስ ክብሪት ጭሮ ነበር። እሳቱ ጣቱ ጋ ሲደርስ እርሷ ገና «ዋ» ላይ ነበረች።

ጨረሰች። ገይድ ማዳመጫውን ጆሮው ላይ እንዳደረገ ብድግ ብሎ «ኪርያላይሶን» ብሎ መለሰላት። በትክክለኛው ዜማ። የየትኛው ደብር ዲያቆን እንደ ሆነ ኋላ ጠይቄዋለሁ። ድምፁ ጥሩ ነው።

«ይህች የላይኛው ግብፅ ባልቴት ናት ወይስ የገዳም እመምኔት?» አለ ሐጂው፣ ጣቱን እየነፋ።

«ቃል ግን አልጎደለም» አለ ታሚም፣ በቀጭን ድምፅ።

ራጂህ ሳቀ። «ኒዕማት፣ ያኔ እንዲህ ብትዘፍኚልኝ ኖሮ አልፈታሽም ነበር።»

«መች ፈታኸኝ? ባቡር ሥር ነው የከተትከኝ።»

ሐጂ ሙተወሊ ፈረደ። «ሚያዝያ መጀመሪያ ካሜራው ይተከላል። ሻሂናዝ ለልብሱ ተለክታለች። በዕለቱ ሐጃ ቀድማ ትሞክር፤ አንድ ጊዜ ብቻ። ያለ ዘፈን!»

በታክሲ ተመለስን። ድልድዩን ስንሻገር «ቢያንስ አልረሳሁም» አለች።

መጋቢት ፲፮

ሞከርን። ዜማው ሲወልቅ ቃሉም ተከትሎት ይወልቃል።

መጋቢት ፳፩

ምስር እየለቀመች ትበለው አልኩ። አዜመችው። ደረጃ እየወረደች ትበለው አልኩ። አዜመችው፣ በየደረጃውም አረፈች። የጎረቤትን ሬዲዮ ከፍተን በኳስ ጨዋታ መካከል እንድትናገረው አደረግሁ። ጎል ሲገባም ዜማዋን አልሳተችም። እንዲህ ያለ ተማሪ ኖሮኝ አያውቅም። ያሳዝናል።

ተናደድኩ። «እትዬ፣ ምን ያደርግልሻል? ሠርተሻል፣ ኖረሻል፣ አገር ያውቅሻል። ሻሂናዝ ትሥራው!»

ምስሩን አስቀመጠች።

«ሃምሳ ዓመት ሌላ ሰው ሲናገር የኔን ፊት ነው ያሳዩት። በር ከፈትኩ፣ ሻይ አቀረብኩ፣ አለቀስኩ፣ ሞትኩ። ሁለት ገጽ የሰጠኝ ማንም የለም፣ ወዲዕ። አንድ ገጽም የሰጠኝ የለም። አሁን ሲሰጡኝ ደግሞ...» እጇን ግንባሯ ላይ አደረገች። «ደግሞ ቤቱ እየፈረሰ ነው።»

ምስሩን አብረን ለቀምን።

መጋቢት ፳፬

ቅዳሴ። እኛ ስናዜም አባ ቢመን መንበሩ ፊት በለሆሳስ ይጸልያሉ፤ ሥርዓቱ ነው። ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል፣ ድምፅ የለም። ስድሳ ዓመት ያህል አይቼዋለሁ። ዛሬ ግን ጽናጽሉን እንደ ያዝኩ ቀረሁ፤ ገይድ የሚባለው ሰው ቢኖር ይስቅብኝ ነበር። ቃል በለሆሳስ ሆኖ ዜማ ከፍ ሊል ከቻለ፣ ዜማ በለሆሳስ ሆኖ ቃል ከፍ ሊል አይችልም?

ወደ ቤት በሩጫ። በእኔ ዕድሜ ሩጫ የሚባለውን ማለቴ ነው።

«እትዬ፣ አታውልቂው። ወደ ውስጥ አስገቢው።»

«ምኑን?»

«ዜማውን። በልብሽ አዚሚው፤ አንዲት ዙር ሳታስቀሪ። አፍሽ ቃሉን ብቻ ያውጣ፣ ቦታው ሲደርስ።»

«ዐዋድ» አለች። ከዚያ ዝም። ጉሮሮዋ አይንቀሳቀስም። እኔ ግን «ዋ» ወዴት እንደ ሄደች አውቃለሁ... ወጣች፣ ዞረች፣ አረፈች፣ ወረደች። ልክ ማረፊያዋ ላይ ሁለተኛው ቃል መጣ። ደረቅ፣ ተራ፣ እንደ ሰው ንግግር።

እስከ መጨረሻው አደረሰችው። ባቄላው አርሯል። በላነው።

ሚያዝያ ፬

ከሰሙነ ሕማማት በፊት ካልሆነ አልመጣም ብዬ ስለ ነበር፣ ዛሬ ሆነ። ቦታው ከጊዛ ወዲያ ያለ መንደር ነው። የላይኛው ግብፅ ነው ተባለ፤ ሐጂ ሙተወሊ ለመኪና ነዳጅ ሲሆን አገሩን ያሳጥራል። የመንደሩን ሰዎች ለቀስተኛ አድርገው አቁመዋል። አንዲት ልጅ የእትዬን አንጓ ዱቄት ትቀባለች። ሻሂናዝ መኪና ውስጥ ተቀምጣለች። በግራ ዓይኗ አየችን።

ገዳዩ ከፈኑን ታቅፎ መጥቶ ተንበረከከ። እትዬ በሩን ከፈተች።

«ከፈንህን አየሁት። ነጭ ነው። የልጄም ነጭ ነበር። ዐዋድ...»

ዝም አለች።

የታሚም እጅ ወደ ላይ ተንቀሳቀሰ፤ ሊያስቆም ነው። ሐጂ ሙተወሊ ፊቱን በመዳፉ ሸፈነ። የመኪናው በር ተከፈተ። ዘንባባ ሥር የተቀመጥኩት እኔ ብቻ አልተጨነቅሁም፤ የት እንደ ደረሰች አውቃለሁና። ገና ሁለተኛውን ዙር ጀመረች...

ሐሰት ነው የጻፍኩት። ተጨንቄያለሁ።

በዚህ መካከል ራጂህ ሙንታሲር ጠፋባት ብሎ ሽጉጡን እንደ ያዘ አንድ እርምጃ ወጣ። «እናቴ ልትል የፈለገችው...»

ዘወር ብላ አላየችውም። «ዝም በል፣ አንተ ልጅ። አልጨረስኩም።»

ከመንደሩ ሰዎች አንዱ «እውነቷን ነው!» አለ ጮክ ብሎ። ራጂህ ወደ ኋላው ተመለሰ። አፉን ከፍቶ፣ ቀለሙ በላብ በግንባሩ እየወረደ። ዙሩን ጨረሰች።

«ዐዋድ ዳቦ ሲቆርስ ትልቁን ለወንድሙ ይሰጥ ነበር። ሰባት ዓመት ፈጣሪ ያጽናሽ የሚለኝ ሰው በዚህ ደጅ አላለፈም። ያልፈቀድኩት እኔ ነኝ። ለምን ቢሉ፣ አጽናኑኝ ካልኩ ሞቷል ማለቴ ነው...»

እንዲህ እያለ ሄደ፣ በየመካከሉ ዝምታ። ከዚያ ሁለት እጇን ዘርግታ ከፈኑን ተቀበለች። «ግቡ። ደጄ ተከፍቷል።»

ታሚም «በቃ!» አለ። አንድም ሰው አልሰማውም። የመንደሩ ሰዎች ተሰልፈው ወደ እርሷ ሄዱ። ሐዘን ቤት ደጅ ድረስ መጥቶ ሳያጽናኑ መመለስ ነውር ነው፤ ደጁ ደግሞ ተከፍቷል ተብሏል። አንድ በአንድ እጇን ጨብጠው «ፈጣሪ ያጽናሽ፣ ሐጃ» አሏት። ገይድ ማዳመጫውን አውልቆ ገባ። ሐጂ ሙተወሊም ተሰለፈ። ሻሂናዝም፤ በሁለቱም ዓይኖቿ አልቅሳ ነበር። በዓይኔ አየሁ፣ እመሰክራለሁ።

እኔም ተሰለፍኩ። ተራዬ ሲደርስ ጎንበስ አለች።

«የመጨረሻዋን ዙር ዘለልኳት። ታወቀ?» አለችኝ በለሆሳስ።

«አልታወቀም» አልኳት።

ታውቋል።

ሚያዝያ ፲፮

የፋሲካ ማግስት። ዓባይ ዳር ወርደን በጨው የተቀመጠ ዓሣ በአረንጓዴ ሽንኩርት በላን። ከተማው ሁሉ በዚያው ሽታ ነው።

ለትናንት አጥቢያ ሌሊቱን ቅዳሴ አብረን ቆመናል። ዛሬ «ፋሲካ መቼ ነው የሚውለው?» አለችኝ። ነገርኳት። ጥቂት ቆይታ ደግማ ጠየቀችኝ። ደግሜ ነገርኳት።

ከዚያ «ከፈንህን አየሁት» ብዬ ጀመርኩላት። እስከ መጨረሻው አደረሰችው። የዘለለቻትንም ዙር አልዘለለችም።

ጥቅምት ፲፰

ፊልሙ ለኢድ በዓል ወጥቷል። እርሷ ከሠራተኞቹ ጋር አይታዋለች። «ባልቴቷ ደኅና ናት» አለች።

እኔ ዛሬ ሄድኩ። ብቻዬን፣ ከቀትር በፊት፣ ቆብ አድርጌ። ማንም እንዳያውቅ ብዬ... ትኬቱ የት እንደሚቆረጥ ግን የነገሩኝ አባ ቢመን ናቸው።

ገባሁ። ጨለማ ነው። የቆሙ ሰዎች አይቼ የሚጸልዩ መስለውኝ ነበር፤ ወንበር ፈላጊዎች ናቸው። ከጎኔ ያለው ሰውዬ የዱባ ፍሬ ይከካል። ራጂህ ለሰዓት ያህል ተኮሰ። ከዚያ በሩ ተከፈተና እትዬ ወጣች።

በኮርኒስ በኩል ስሰማው የኖርኩት ድምፅ ለካ ፊት ነበረው። የእናታችን ፊት ነው። ማንም አልነገረኝም። ማን ይንገረኝ?

«ዐዋድ...»

ሰውዬው መከካቱን አቆመ። ከኋላ አንዱ «ረሳችው እንዴ?» አለ። ሚስቱ ናት መሰለኝ፣ «ዝም በል፣ እያሰበች ነው» አለችው። አልረሳችም፣ አላሰበችምም። «ዋ» ላይ ናት። ማንንም አላረምኩም።

ኅዳር ፭

ጧት ስልክ ጮኸ። እትዬ ተኝታለች። አሁን አብዛኛውን ጊዜ እኔ ቤት ነው የምትውለው፤ ደረጃው ይረሳታል፣ ወይም እርሷ ደረጃውን። አንዳንዴ በአባታችን ስም ትጠራኛለች። አቤት እላለሁ።

ታሚም ነው። «መምህር! ጋዜጣው ሁሉ ስለዚያ ዝምታ ነው የሚጽፈው። ለረመዳን ተከታታይ ፊልም አለኝ፤ የትልቅ ቤት አያት። ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አንድም ቃል አትናገርም። ዝም ብላ ማየት ብቻ። ለሐጃ ልኳ ነው፣ ምንም ማጥናት የለባት።»

ደሜ ፈላ። ከየት እንደ መጣብኝ አላውቅም።

«ቃል የላትም?»

«አንድም።»

«እንግዲያው አይሆንም። እኅቴ ተናጋሪ ናት።»

«መምህር፣ እኔ ለርሷ ብዬ...»

«ጨምሩበትና ደውሉ» ብዬ ዘጋሁት። ከዘጋሁ በኋላ ነው ምን እንዳደረግሁ የገባኝ። የመዝሙር መምህር ነኝ። ለመሆኑ በእርሷ ሥራ ላይ ማን ሾመኝ?

ዘወር ስል በሩ ላይ ቆማለች። ሻሿን ወደ ጎን አስራዋለች።

«ማን ነው?»

«ታሚም። ሥራ አለ ይላል።»

«ምን አልከው?»

«ቃል ጨምር አልኩት።»

«ስንት?»

አላልኩትም ነበር። «ሁለት ገጽ» አልኳት።

መጥታ ወንበሯ ላይ ተቀመጠች። አሰበችበት።

«ሦስት ማለት ነበረብህ» አለች፤ ቀኝ እጇንም ጉልበቷ ላይ አደረገች።

ገጹ አልመጣም። ላይመጣም ይችላል። ዜማውን ግን ዛሬውኑ መረጥን።